ጋሽ ወንዳወቅ ያልረገጧት ደሴት

ፍኖተ ሰላም ውስጥ ስለ ጣና ደሴቶች ማወቅ የፈለገ ሰው ባሕር ዳር ድረስ መድከም የለበትም። ከመናኸሪያው ጀርባ ካለችው የጋሽ ወንዳወቅ ልብስ ስፌት ቤት ጎራ ቢል ይበቃዋል። እዚያ ሱሪ ሊያሳጥር የገባ ሰው ሱሪው አጥሮ፣ ቀኑ ረዝሞ ይወጣል። ጋሽ ወንዳወቅ «ወይራማ ደሴት ቅኔ ስማር» ብለው ከጀመሩ የስፌት መኪናው ራሱ ለመስማት ቀጥ ይላል፤ አጠገባቸው ያሉት ቆሎ ሻጮችም መስፈሪያውን በእጃቸው እንደያዙ ይቀራሉ።

የወይራማን ዳርቻ ድንጋይ በድንጋይ ያውቁታል። የጥንቱ ግንብ ከየት ተነሥቶ የት እንደፈረሰ፣ መነኮሳቱ በክፉ ቀን መጻሕፍቱን በየትኛው ዋሻ እንደሸሸጉ፣ ዳርቻው ላይ ያለው ወይራ ስንት ቅርንጫፍ እንዳለው ይናገራሉ፤ ቅጠሉን ቁጠሩ ቢባሉም የሚያፍሩ አይመስሉም። በዚህ የተነሣ ከተማው «መሪጌታ» ብሏቸዋል። ዕድር ላይ ነገር ሲጠና፣ «እስቲ ደግሞ መሪጌታ ይበሉን» ይባላል። እሳቸውም ጢማቸውን ዳሰስ አድርገው፣ «የኔታ ሲያስተምሩን እንዲህ ይሉ ነበር» ይላሉ። ከዚያ ወዲያ የሚከራከር የለም።

ለዚህ ሁሉ ዕውቀት አንዲት ጉድለት ብቻ ነበረችበት። ጋሽ ወንዳወቅ ወይራማን ረግጠዋት አያውቁም።

ውኃ ይፈራሉ። የላህን ድልድይ ሲሻገሩ እንኳ መሐል መሐሉን ይዘው፣ ትንፋሻቸውን ቋጥረው፣ ወንዙ ሰላም ቢላቸው እንኳ ላለመስማት ጆሯቸውን በጋቢያቸው ሸፍነው ነው።

ነገሩ በውሸት አልተጀመረም፤ በሞገድ ነው የተጀመረው። በ1974 ዓ.ም. ከቡሬ ወዲህ ያሉት ገበሬ አባታቸው፣ ልጃቸው ቅኔ ተምሮ ደብር እንዲያገለግል ተመኝተው፣ አንድ ስልቻ በሶና አንድ ደበሎ አሸክመው ወደ ወይራማ ላኳቸው። ወንዳወቅ ያን ጊዜ ዐሥራ አራት ዓመታቸው ነበር። በእግራቸው ስንት ቀን ኳትነው ጣና ዳር ደረሱ። የደንገል ታንኳው ቀረበ። አንድ እግራቸውን አስገቡ፤ ታንኳው ዘመም አለ። እግራቸውን አወጡ። ያ የወጣ እግር አርባ ሦስት ዓመት ሙሉ ተመልሶ አልገባም።

ወደ ቤት መመለስ ደግሞ አሳፈራቸው። ስለዚህ ዳር ላይ አንድ ታንኳ ሠሪ ሽማግሌ ዘንድ ተጠግተው ለታንኳ የሚሆነውን የውኃ ዳር ደንገል እያጨዱ ሦስት ዓመት ኖሩ። ወደ ደሴቲቱ የሚሄደውም የሚመለሰውም ተማሪ በእሳቸው በኩል ነው የሚያልፈው፤ ከእያንዳንዱ አንድ አንድ ወሬ ቀረጥ ይቀበሉ ነበር። ከሁሉ የበለጠው ባለ ወሬ ክንዱ የሚባል የቡሬ ልጅ ነው። እናቱን ሊጠይቅ ከደሴቲቱ ተሻግሮ ሲመጣ ወባ ጣለውና ታንኳ ሠሪው ጎጆ ውስጥ ሦስት ሳምንት ተኛ። ወንዳወቅ አስታመሙት፤ አጥሚት አጠጡት። እሱም የሚከፍለው ቢያጣ፣ ወይራማን ከነዳርቻዋ፣ ከነመምህሯ፣ ከነቅኔ ቤቷ አንድም ሳያስቀር ነገራቸው። ሲሻለው ወደ አገሩ ሄደ፤ እርሻ ያዘ፤ ወደ ትምህርቱም አልተመለሰ።

ወንዳወቅም በመጨረሻ አገራቸው ሲገቡ አባታቸው በር ላይ ቆመው፣ «ተማርህ ልጄ?» አሉ፤ መልሱን ሳይጠብቁም አለቀሱ። በግ ታረደ። ሽማግሌዎች መረቁ። በግ ከታረደ በኋላ እውነቱን መናገር ለበጉም ቅር ይለዋል። «ታዲያ ለምን አልቀደስህም?» ሲባሉ «ዓይኔ ደክሞ» አሉና፣ ቀኑን ሙሉ መርፌ ቀዳዳ ውስጥ ክር ወደሚያስገባ ሙያ ገቡ። ፍኖተ ሰላም ጨዋ ከተማ ናት፤ አልጠየቀችም።

እንዲህ እንዲህ እያለ ያልፍ ነበር፣ ያምሮት ባትኖር።

ያምሮት አንድ ልጃቸው ናት። በሕፃንነቷ በስፌት ቤቷ ቁርጥራጭ ጨርቅ ላይ ተኝታ እንቅልፍ የሚወስዳት በወይራማ ታሪክ ነበር። አድጋ ኮሌጅ ስትገባ የቱሪዝም ትምህርት መረጠች፤ «ለምን?» ቢሏት «በአባቴ ምክንያት» አለች። ባሕር ዳር ሆቴል ስትቀጠር ጠያቂዎቿን «አባቴ የወይራማ ተማሪ ነበሩ» ብላ አፋቸውን አስከፍታለች። ጋሽ ወንዳወቅ ይህን በሰሙ ቁጥር ኮራ ይሉና ወዲያው ወሬ ይለውጣሉ።

መንገዱ ሰላም በሆነበት ሰሞን ደወለች።

«አባዬ! ወይራማ ልወስድዎ ነው!»

«ምን አልሽ?»

«ሁሉንም ጨርሻለሁ። ቀኑን ሙሉ የደሴቲቱን ጥንታዊ ዳርቻ መዞር ነው። ደግሞ ፕራይቬት!»

«ፕራይቬት ምንድን ነው?»

«ጀልባው ለእኛ ብቻ፣ አስጎብኚዋም ለእኛ ብቻ። ሌላ ሰው የለም። እርስዎ ይናገራሉ፣ እኛ እንሰማለን!»

ጋሽ ወንዳወቅ ስልኩን ይዘው ቁጭ አሉ። ከመቶ ምእመን ጋር ቢሆን ከአንዱ ጃንጥላ ጀርባ ይሸሸጉ ነበር። በዚህ ፕራይቬት በሚሉት ነገር ግን ጃንጥላው እሳቸው ራሳቸው ናቸው።

«ጾም ነው እኮ ልጄ።»

«ቀጠሮው ጾሙ ሲፈታ ነው።»

«ጉልበቴም...»

«ጀልባው ደጅ ድረስ ያደርሳል!»

ማታ ባለቤታቸው ወይዘሮ ሠርክአዲስ እራት እያቀረቡ፣ «እርስዎ፣ ለልጅዎ የሚነግሯት ነገር ካለ ከመንገዱ በፊት ይንገሯት» አሏቸው።

«ምን ነገር?»

«እኔ ምን አውቄ። ውኃ ሲያዩ ፊትዎ እንደ አቡጀዲ ሲነጣ አያለሁ እንጂ።»

ወፍጮ ቤት ያላቸው አያ ዘሚካኤል ደግሞ ጠጅ ቤት ውስጥ ሰው ሁሉ እየሰማ፣ «መሪጌታ፣ ወይራማ እኮ የምትገኘው እዚህ ስፌት ቤትዎ ውስጥ ናት፤ ባሕር ዳር ምን ሊያደርጉ ይሄዳሉ?» አሏቸው። ሰው ሳቀ። ጋሽ ወንዳወቅም ሳቁ፤ ጠጃቸውን ግን ሳይጨርሱ ወጡ።

በጉዞው ቀን በየከተማው መኪናው እንዲበላሽ ሲመኙ ሄዱ። ዱርቤቴ ላይ ጎማ ሲፈነዳ ደስታቸው ልክ አልነበረውም። ሾፌሩ ግን በሃያ ደቂቃ ቀይሮት፣ «ይቅርታ አባት፣ አዘገየሁዎት» አላቸው። መራዊ ላይ ጎማው ተመልሶ እንዲፈነዳ ተሳሉ። ጎማው አልሰማቸውም።

በማግሥቱ ጠዋት ጣና ዳር፣ አስጎብኚዋ ሰብሊ የመታወቂያ ካርዷን አንገቷ ላይ አንጠልጥላ፣ ማስታወሻ ደብተሯን ይዛ ጠበቀቻቸው። ጎንበስ ብላ ሰላም አለቻቸው። «ጋሼ፣ ያምሮት ሁሉን ነግራኛለች። ዛሬ እኔ ተማሪ ነኝ።»

ባለ ጀልባው ደጀኔ የሚያንሳፍፈውን ሰደርያ ሲሰጣቸው ጋሽ ወንዳወቅ ገልብጠው ስፌቱን መረመሩ። «ይህን የሰፋ ማነው? ብብቱ ላይ ድርብ ስፌት የለውም እኮ!» አሉና አንድ ሌላ አስጨምረው ሁለት ደርበው ለበሱ።

«አባት፣ በዚህ ዓይነት እንኳን እርስዎ፣ ጀልባውም አይሰምጥ» አለ ደጀኔ።

«አባዬ ደግሞ! በደንገል ታንኳ ሲሻገሩ የኖሩ ሰው!» አለች ያምሮት።

«ያን ጊዜ ልጅ ነበርሁ። ሞት የሚባል ነገር መኖሩን አልሰማሁም።»

አንድ እግራቸውን አስገቡ። ጀልባው ዘመም አለ። ቀና ሲሉ ልጃቸው እጇን ዘርግታ እየሳቀች ታያቸዋለች። ሁለተኛውን እግር አስገቡ። በዚያ ጉዞ ላይ የሚያውቋቸውን አራት መዝሙሮች አርባ ጊዜ ደገሙ፤ የጀልባውን ጠርዝ የያዙበት ጣታቸውም የብረቱን ቀለም ላጠው።

መሬት ሲረግጡ ግን ነፍሳቸው ተመለሰች። ነፍስ ብቻ አይደለም፤ ወሬውም አብሮ ተመለሰ። ሰብሊ ገና «ይህ የምታዩት ግንብ...» ስትል፣ «በስተቀኝ ይዞራል፤ ከዚያ ሾላው ሥር ይፈርሳል» አሉ። ዞሩ፤ ሾላው ሥር ፈርሷል። «እዚህ ቅጠሉን ገለጥ ብታደርጊው ቀዳዳ ያለው ድንጋይ አለ፤ ድሮ ታንኳ የሚታሰርበት ነው።» ሰብሊ ቅጠሉን ገለጠች፤ ድንጋዩ አለ፤ ቀዳዳውም አለ።

«እኔ ስንት ጊዜ መጥቻለሁ! ይህን የነገረኝ የለም እኮ!» አለች እየጻፈች።

ያምሮት በስልኳ ትቀርጻለች፤ ዓይኗ እንደ መስታወት ያበራል። ጋሽ ወንዳወቅ ራሳቸው ይደነቃሉ። ሁሉም ነገር ክንዱ ያስቀመጠው ቦታ ላይ ነው፤ አንዲት ድንጋይ አልተሳሳተም። ያ በወባ የሚንቀጠቀጥ ልጅ ቅንጣት አልዋሸም ነበር። ከሁለታቸው ውሸታሙ የትኛው እንደሆነ ደሴቲቱ ራሷ ትመሰክራለች፤ ደግነቱ ምስክርነቷን የሰማው እሳቸው ብቻ ናቸው። እየዞሩ ሲሄዱ ግን ያም እየተረሳቸው መጣ። እዚህ ዋሻ ደጃፍ ተቀምጠው ያጠኑ፣ እዚያ ድንጋይ ላይ ደበሏቸውን ያሰጡ መሰላቸው።

አንድ የጠቆረ ቋጥኝ ጋ ሲደርሱ ሰብሊ ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። «ይህ ቦታ የመቋሚያ ጥግ ይባላል። የቅኔው መምህር፣ የኔታ፣ መቋሚያቸውን እዚህ አስደግፈውት ሳለ በንጋት ጭጋግ መልአክ መጥቶ ወሰደው። የኔታ ይህን እስኪሞቱ ድረስ ሲናገሩ ኖረዋል። ፈረንጆች እዚህ ቆመው ሳይጸልዩ እንኳ አንገታቸውን ይደፋሉ።»

ጋሽ ወንዳወቅ ይህን ታሪክ ያውቁታል። ክንዱ «ለማንም እንዳትናገር» ብሎ አስምሎ ስለነገራቸው፣ አርባ ምናምን ዓመት ስፌት ቤትም ጠጅ ቤትም ሳያወጡ አፍነው የያዙት ብቸኛ ታሪክ ነው። ያን ዕለት ግን ልጅ እያየች፣ አስጎብኚ እየጻፈች፣ ያ ሁሉ ምስጋና ከሰማ ሆድ ውስጥ ምሥጢር እንዴት ይቀመጥ!

«የለም ልጄ፣» አሉ፣ «መልአኩ በዚህ ነገር እጁ የለበትም።»

«እንዴት?»

«በንጋት ውኃ ልንቀዳ ወረድን፣ እኔና የጎጆ ጓደኛዬ። ጭጋጉ ዓይን ይወጋል። እንዲህ ቀና ስንል ጉማሬ! እዚህች ላይ ተጋድሟል። የኔታ መቋሚያቸውን ረስተውት ኖሮ ብድግ አድርገን ወረወርነው። ጉማሬው ንቅንቅ አይልም። ቀርበን ብናየው የተገለበጠ ታንኳ! መቋሚያውን ውኃው ወስዶታል። ተማምለን ዝም አልን። የኔታ ሲያጡት 'መልአክ ነው' አሉ። መምህርን ማን ያርማል?»

ሰብሊ አፏን ይዛ ሳቀች። ያምሮትም ሳቀች። ከቋጥኙ ጀርባ ግን አንድ የሚንቀጠቀጥ ድምፅ፣ «ክንዱ?» አለ።

ፀሐይ ይሞቁ የነበሩ መነኩሴ በቋጥኙ እየተደገፉ ብቅ አሉ። ሁለቱንም ዓይናቸውን ሞራ ጋርዶታል። ሰብሊ ታውቃቸዋለች፤ አባ ገብረ ኢየሱስ ናቸው፤ ከልጅነታቸው ጀምሮ ከደሴቲቱ አልወጡም። እጃቸውን ዘርግተው በድምፁ አቅጣጫ መጡ።

«ይህን ነገር የምናውቅ በምድር ላይ ሁለት ነን። አንዱ እኔ ነኝ። ክንዱ! አንተ አልሰመጥህም?»

ጋሽ ወንዳወቅን አገኟቸውና አንገታቸውን አቀፏቸው። «በሄድህበት ቀን ታንኳ ተገልብጣ ነበር እኮ! 'ሂድ፣ እናትህን ጠይቅ' ብዬ የገፋፋሁህ እኔ ነኝ። አርባ ዓመት በጸሎቴ ስምህን ከሙታን ጋር ስጠራ ኖርሁ። አርባ ዓመት፣ 'እኔ ነኝ የገደልሁት' እያልሁ!»

ያምሮት ስልኳን እንደያዘች ዓይኗ እንባ ሞላ። «አባዬ፣ የትምህርት ቤት ስምዎ ክንዱ ነበር?»

በሩ ይኸው። ከዚህ የሰፋ በር ለሰው ልጅ ተከፍቶ አያውቅም። «አዎ» ቢሉ መነኩሴ መስካሪ፣ አስጎብኚ ጸሐፊ፣ ልጅ ቀራጭ፤ ያ ሁሉ ዘመን የተሰፋው ውሸት ከእንግዲህ በመቀስም አይተረተርም። መነኩሴውም ደስ ብሏቸው ያርፋሉ። ጋሽ ወንዳወቅ አፋቸውን ከፈቱ። ያረጁ እጆች ትከሻቸውን፣ ፊታቸውን፣ ጢማቸውን እየዳበሱ የሌላ ሰው ፊት ይፈልጋሉ። የሰውን ታሪክ ለብሰው ኖረዋል፤ ይህ እቅፍ ግን ለእሳቸው አልተለካም።

«አባ፣» አሉ፣ «እኔ ክንዱ አይደለሁም።»

«ምን አልህ?»

«ክንዱ አልሰመጠም። በሕይወት አለ። ቡሬ ነው። ሰባት ልጅ ወልዷል፤ ያለ የሌለ በርበሬ ያመርታል። እኔ ወንዳወቅ እባላለሁ። ወዲያ ማዶ ደንገል አጫጅ ነበርሁ። ክንዱ ወባ ይዞት እኛ ዘንድ ተኝቶ ይህን ሁሉ እሱ ነገረኝ። እኔ...» ይህንን ሲሉ የሚያዩት መነኩሴውን ሳይሆን ውኃውን ነው። «እኔ ይህችን ደሴት ከዛሬ በፊት ረግጫት አላውቅም።»

ያምሮት ስልኳን ቀስ አድርጋ ዝቅ አደረገችው።

አባ ገብረ ኢየሱስ ግን ከዚያ ሁሉ ንግግር የሰሙት አንድ ቃል ብቻ ነው። «አለ? አለ ነው ያልኸው?»

ጋሽ ወንዳወቅ ስልካቸውን አወጡ። ደንበኞቻቸውን በልብሳቸው ነው የሚመዘግቡት፤ «ክንዱ ሱሪ ቡሬ» የሚለውን ፈልገው ደወሉና ድምፁን ከፍ አደረጉት።

«ወንዳወቅ! ሱሪው ደረሰ?» አለ ከወዲያ ወፍራም ድምፅ።

«የምን ሱሪ!» አሉ አባ ገብረ ኢየሱስ ስልኩን ቀምተው። «አንተ መቋሚያ ጣይ!»

ከወዲያ ዶሮ ስትጮህ ብቻ ተሰማ።

«ገብሬ?» አለ ድምፁ። ወፍራምነቱ ሁሉ የት እንደገባ እንጃ። «ገብሬ፣ አንተ ነህ?»

«አርባ ዓመት እንደ ሙት ስፈታህ ኖሬ አንተ በርበሬ ታሰጣለህ?»

«ለዚህ ነዋ አንድ ቀን እንኳ ራሴን አሞኝ የማያውቀው! ደግሞ መቋሚያውን የወረወርኸው አንተ ነህ!»

«አንተ ነህ!»

«አንተ ነህ እንጂ! እኔ ዛፍ ላይ ነበርሁ!»

ሁለት ሽማግሎች በጣና ላይ እየተጯጯሁ፣ እየሳቁና እያለቀሱ ግማሽ ሰዓት ቆዩ። ሰብሊ ማስታወሻዋን ይዛ ግራ ተጋባች። «አባ፣ ታዲያ እኔ ከእንግዲህ ለጎብኚዎች ምን ልበል?» ብትላቸው፣ «ለፈረንጆቹ መልአኩን ተይላቸው ልጄ፤ ርቀው ነው የመጡት» አሏት። ሲለያዩም የጋሽ ወንዳወቅን ራስ በመስቀላቸው ዳስሰው፣ «አንተ ባታስታምመው ይሞት ነበር» አሏቸው።

በመልስ ጉዞው ላይ ሞገድ ነበረ። ጋሽ ወንዳወቅ አላዩትም። ከውኃው የባሰ የሚፈሩት ነገር ፊት ለፊታቸው ተቀምጧል፤ የያምሮት ጀርባ። ሰብሊ ደብተሯን ታገላብጣለች። ደጀኔ እንኳ ቀልዱን ዋጠ።

ያምሮት ሳትዞር፣ «ይህን ሥራ የያዝሁት በእርስዎ ምክንያት ነው» አለች።

«አውቃለሁ።»

«ሆቴሉ ሁሉ ያውቃል። ለእንግዳው ሁሉ ተናግሬያለሁ።»

«አውቃለሁ ልጄ።»

«ስተኛ የሚነግሩኝ ሁሉ የክንዱ ነው?»

«የክንዱ ነው። አንዱም የእኔ አይደለም።»

ያምሮት እንባዋን በነጠላዋ ጫፍ ጠረገችና ዞረች። ፊቷ አሁንም ይቅር አላለም፤ ግን ዞረች።

«የእርስዎስ የትኛው ነው?»

«የእኔማ ምን አለ ብለሽ። ደንገል ነው። ሦስት ዓመት ሙሉ ደንገል።»

«ደንገል እንዴት ነው የሚታጨደው?»

ጋሽ ወንዳወቅ ቀና ብለው አዩዋት። ይህንን የጠየቃቸው ሰው ኖሮ አያውቅም፤ ማንም እንዲጠይቃቸው ዕድል አልሰጡማ። «ከሥሩ ነው። ጎንበስ ብለሽ። ሌላው ገባ ብሎ ያጭዳል፤ እኔ ስለምፈራ ዳር ዳሩን። ሽማግሌው ያውቁ ነበር፤ አልሳቁብኝም። 'ዳሩም ደንገል ነው' ይሉኝ ነበር።»

ያምሮት ወደ ደጀኔ ዞረች። «ጀልባው እስከ ማታ የእኛ ብቻ ነው አይደል?»

«የእናንተ ብቻ ነው።»

«እንግዲያስ ወደቡን ተወውና አባቴ ወደሚሉህ ውሰደን።»

ጋሽ ወንዳወቅ በጣታቸው እያመለከቱ፣ ሁለት ጊዜ እየተሳሳቱ መሩት። ግማሹ ዳር አጥር ሆኗል፤ ግማሹ ሣር ለብሷል። ጥግ ላይ ግን ጥቂት ደንገል በነፋሱ ጎንበስ ቀና ይላል። ጀልባው ጭቃው ላይ ቆመ። ጋሽ ወንዳወቅ ወርደው ግራ ቀኝ አዩ። ሰብሊ በልማድ ደብተሯን ከፈተች። ስለ ወይራማ ቢሆን እስካሁን ሦስት ነገሥታት ጠርተው፣ ሁለት ግንብ አፍርሰው ነበር።

«እዚህ... እዚህ ጋ ነበር መሰለኝ ጎጆዋ» አሉ። «ትንሽ ነበረች። በሯ ወደ ውኃው... የለም፣ ወደዚህ ነበር። ክንዱ የተኛው በዚህ በኩል ነው። የሽማግሌውን ስም...» ቆሙ። ግንባራቸውን ያዙ። «እይ፣ ስማቸውን እንኳ በደንብ አልያዝሁትም። ስንት ዓመት አልነገርሁትም እኮ።»

«ግድ የለም» አለች ያምሮት፣ ጫማዋን አውልቃ ጭቃው ላይ እየወረደች። «ትዝ የሚልዎትን ብቻ።»